በአውራ ጣት የተፈረመ ወረቀት



ስለ ትምህርት ጥቅም ያልተባለ ነገር የለም። በኹጥባ ይነሳል፣ በወላጆች ስብሰባ ይነሳል፣ ሽማግሌዎችም ልጅ ሲመርቁ ያነሱታል። ስለዚህ እኛ ዛሬ «ትምህርት ብርሃን ነው» ብለን አንጀምርም። የምንጀምረው ከአንድ ወረቀት ነው። ታሪኩን የሰማነው አርሲ ውስጥ፣ በሽርካ ወረዳ ዋና ከተማ በጎበሳ አቅራቢያ ሲሆን ወረቀቱ ራሱ ዛሬ የት እንደሚገኝ የሚያውቅ የለም።

የአጨዳ ወራት ነበር። ኮምባይነሩ ከማሳ ወደ ማሳ ሲዘዋወር ድምፁ ከሩቅ ይሰማል። የደጋው ብርድ ያስጨነቀው ፈረሰኛ በጋቢው ተጀቡኖ ወደ ገበያ ያዘግማል። ዐስርን ከሰገድን በኋላ ዕድሜያቸው ሰማንያን ወደ ተጠጋ አንድ ሐጂ ቤት ገባን። በቅቤ የታሸ ጭኮ ቀረበልን፤ ወተቱም ተከተለ። ሐጂ ከተቀመጡበት መደብ በላይ ጠርዛቸው የተበላ የዐረብኛ ኪታቦች ተደርድረዋል። ተፍሲሩንም ፊቅሁንም የተማሩት ከአባታቸው ነው፤ አባታቸው ደግሞ በወጣትነታቸው ደረሳ ሆነው ወደ ባሌ ተሻግረው ለዓመታት ኢልም ሲፈልጉ የኖሩ ሰው ነበሩ።

«ስሜን አትጻፉት» አሉን። «ነገሩ የእኔ ብቻ አይደለም። በዚህ አገር የስንቱ ሰው አባት እንዲሁ ነው የፈረመው።»

ነገሩ እንዲህ ነው። በ1940ዎቹ መጨረሻ ገደማ፣ ሐጂ ገና በግ ጠባቂ ልጅ ሳሉ፣ የባለርስቱ ወኪል ወደ ቤታቸው መጣ። በእጁ በአማርኛ የተጻፈ ወረቀት ይዟል። የመኸሩን እህል እኩል ለመካፈል የሚደረግ ውል ነው ብሎ ነገራቸው። አባት ተስማሙ። «ስሜን እኔው ልጻፍ» ብለው ብዕሩን ተቀበሉና በዐረብኛ ፊደል ሊጽፉ ሲያጎነብሱ ወኪሉ ሳቀ። ይሄ ጽሕፈት አይደለም አለና አውራ ጣታቸውን ይዞ በቀለም ነክሮ ወረቀቱ ላይ ተጫነው። ከጥቂት ዓመታት በኋላ ባለርስቱ መሬቱን ለሌላ ሰው ሲሰጥ አባት አቤት ለማለት ዳኛ ፊት ቀረቡ። ዳኛው ወረቀቱን አነበበላቸው። ለካስ በተፈለጉ ጊዜ ያለ አንዳች ካሣ መሬቱን ለመልቀቅ ተስማምተው ኖሯል!

«አባቴ ቁርኣን ሲቀሩ የሰማ ሰው ያለቅስ ነበር» አሉ ሐጂ። «ያችን አንዲት ገጽ ግን ማንበብ አልቻሉም። መዝገቡም ላይ ‹ማንበብና መጻፍ የማይችል› ተብለው ተጻፉ።»

እዚህ ላይ እኛም ትንሽ ቆም ብለን ማሰብ ነበረብን። አርባ ዓመት ሙሉ ሲያነብና ሲያስተነብብ የኖረ ዓሊም በምን ሚዛን ነው መሃይም የሚባለው? ሚዛኑ እውቀት አልነበረም። ሚዛኑ የያዘው ፊደል የገዢው ፊደል መሆንና አለመሆኑ ነበር።

ቃላድና መዝገብ

እንደሚታወቀው የምኒልክ ጦር በ1870ዎቹ ከአርሲ ሕዝብ ጋር ለዓመታት ብርቱ ውጊያ አድርጎ አገሩን ያዘ። ከዚያ በኋላ መሬቱ በቃላድ፣ ማለትም በገመድ፣ እየተለካ ሲሶው ለአገሩ ባላባት እንዲቀር ሲባል የተረፈው ለመንግሥት፣ ለሹማምንት፣ ለወታደርና ለቤተ ክርስቲያን ተደለደለ። አብዛኛው ያገሩ ሰው በገዛ አባቱ መሬት ገባር፣ ኋላም ጭሰኛ ሆኖ ቀረ። ሲሶ የሚከፍል ነበር፤ እኩል የሚያካፍል ነበር፤ ከዚያም ላይ አስራቱና መማለጃው ነበር። ገመዱ ተጠቅልሎ ሄደ፣ መዝገቡ ግን ቀረ። ጦሩ ከተመለሰ ከብዙ አሥርት ዓመታት በኋላ እንኳ ሰውን ከቀዬው ለማፈናቀል ጠመንጃ አላስፈለገም፤ ወረቀት በቂ ነበር።

ታዲያ አባቶቻችን ይህን እያዩ ልጆቻቸውን ለምን ወደ መንግሥት ትምህርት ቤት አልላኩም? ይህን ጥያቄ ዛሬ ብዙ ወጣቶች በወቀሳ ድምፅ ሲጠይቁ እንሰማለን። ወቀሳው ሳይመረመር መሄድ የለበትም።

በ1948 ዓ.ም. የተሻሻለው ሕገ መንግሥት በአንቀጽ 126 የኦርቶዶክስ ቤተ ክርስቲያንን የመንግሥቱ ቤተ ክርስቲያን አድርጎ ይደነግግ ነበር። ሙስሊሙ በአገሩ ውስጥ «በኢትዮጵያ የሚኖሩ ሙስሊሞች» ተብሎ የሚጠራ፣ እንደ እንግዳ የሚቆጠር ወገን ነበር። ትምህርት የሚሰጠው ልጁ በቤቱ በማያውቀው ቋንቋ ነው። ትምህርት ቤት የገባው ልጅ ስሙ ተቀይሮ ተመለሰ የሚል ወሬ በየመንደሩ ነበር፤ ወሬም ብቻ አልነበረም፤ ዛሬም በሁለት ስም የሚጠሩ አዛውንቶች በአርሲም በሌላውም አገር አሉ። እንግዲህ አባት «ልጄ ፊደል ቆጥሮ ዲኑን ከሚያጣ፣ በጉን ይጠብቅልኝ፤ ማታ ለውሁን ይዞ ቁርኣኑን ይቅራ» ቢል ሊደንቀን አይገባም። ፍርሃቱ መሠረት ነበረው።

ይሁን እንጂ ፍርሃት መሠረት አለው ማለት ዋጋ አያስከፍልም ማለት አይደለም። ሐጂ ራሳቸው ያሉንን እንንገራችሁ፦ «አባቴ ልክ ነበሩ። መሬቱን ግን አጣን።» ይህንን ሲሉ ድምፃቸው ውስጥ ምሬት አልነበረም። ሁለቱን ነገር ጎን ለጎን አስቀምጠው ዝም አሉ።

ከበድር ምርኮኞች እስከ ዘይድ

ዲናችን በዚህ ጉዳይ ላይ ምን ይላል? ለነቢዩ ሙሐመድ (ሰ.ዐ.ወ.) የወረደው የመጀመሪያው ትእዛዝ ስለ ማንበብ መሆኑን የማያውቅ ሙስሊም የለም። ይህ ግን ብዙ ጊዜ ተነግሮ ጆሮ የለመደው ስለሆነ እኛ ሌሎች ሁለት ታሪኮችን ማንሳት እንወዳለን።

አንደኛው የበድር ምርኮኞች ነገር ነው። በሁለተኛው ዓመተ ሂጅራ ከቁረይሾች በኩል 70 ያህል ሰዎች በተማረኩ ጊዜ፣ ገንዘብ ያለው በገንዘብ ራሱን እንዲቤዥ ተደረገ። ገንዘብ የሌለው፣ ግን መጻፍ የሚያውቅ፣ አሥር የመዲና ልጆችን ጽሕፈት ካስተማረ በነጻ እንዲሄድ ተፈቀደለት። ውድ አንባቢያን፣ እስቲ ልብ በሉ! መምህሮቹ ሙስሊሞች አልነበሩም። ትናንት ሰይፍ መዝዘው የመጡ ጠላቶች ነበሩ። ልጆቻችንን ያበላሹብናል ተብሎ አልተፈራም። ልጆቹ ጽሕፈት ተማሩ፤ ምርኮኛውም ነጻ ወጣ።

ሁለተኛው የዘይድ ኢብኑ ሣቢት (ረ.ዐ.) ታሪክ ነው። ነቢዩ (ሰ.ዐ.ወ.) ወጣቱን ዘይድን የአይሁዶችን ጽሕፈት እንዲማር አዘዙት። ምክንያቱም ወደ እርሳቸው የሚመጣውን ደብዳቤ ሌላ ሰው እንዲያነብላቸው፣ ከእርሳቸው የሚወጣውንም ሌላ ሰው እንዲጽፍላቸው አልፈለጉም። ዘይድ ግማሽ ወር ባልሞላ ጊዜ ውስጥ ተማረና ደብዳቤውን ማንበብም መጻፍም ጀመረ። የዘይድ ዲን በዚህ አልተነካም፤ ኋላ ቁርኣንን በአንድ ጥራዝ የመሰብሰቡን ታላቅ አደራ የተቀበለው ይኸው ዘይድ ነው።

ይህን ታሪክ ለሐጂ ስናነሳባቸው ቀድመውን ያውቁት ነበር። «አባቴ ነው ያስተማረኝ» አሉና ፈገግ አሉ። «ኪታቡ ቤታችን ነበር እኮ።»

ትምህርት ቤት ለመሥራት የተሰበሰቡ ሰዎች

የፊደልን ነገር ቀድመው የተረዱ ወገኖች አልጠፉም። ጥር 16 ቀን 1955 ዓ.ም. በአዲስ አበባ የተመሠረተው የሜጫና ቱለማ መረዳጃ ማኅበር ዓላማው ትምህርት ቤት፣ ክሊኒክና መንገድ መሥራት ነበር። ከአርሲ ሐጂ ሮባሌ ቱሬን የመሳሰሉ ሙስሊሞች፣ ከሸዋና ከወለጋ ክርስቲያኖች በአንድ ማኅበር ተቀመጡ። በግንቦት 1958 ዓ.ም. በአርሲ ኢተያ የተጠራው ስብሰባ እጅግ ብዙ ሕዝብ የወጣበት ነበር። ጭሰኛው በጋሪም በእግርም መጥቶ ከጥቂት ገቢው ላይ ለትምህርት ቤት አዋጣ።

ከማኅበሩ ታዋቂ ሰዎች አንዱ ጄኔራል ታደሰ ብሩ ነበሩ። እርሳቸው የመሠረተ ትምህርት ዘመቻውን በመምራት የታወቁ የመንግሥት ሹም ነበሩ። ወደ ማኅበሩ ለመግባት ያነሳሳቸው ነገር ሲተረክ ደጋግመን ሰምተናል። አንድ ከፍተኛ ባለሥልጣን፣ ኦሮሞ መሆናቸውን ሳያውቅ፣ ኦሮሞውን ማስተማር እንደማይበጅ በምሥጢር መከራቸው ይባላል። ከዚህ በላይ ስለ ትምህርት ኃይል የሚመሰክር ነገር ከየት ይመጣል? ማኅበሩ በ1959 ዓ.ም. ታገደ፤ መሪዎቹ ታሰሩ። ጄኔራሉም ኋላ በመጋቢት 1967 ዓ.ም. በደርግ ተረሸኑ። ትምህርት ቤት ልሥራ ባለ ማኅበር ላይ ይህን ያህል ቁጣ ለምን ወረደ ለሚል ሰው መልሱ ያው የጎበሳው ወረቀት ነው፤ የሚያነብ ጭሰኛ አውራ ጣቱን ዝም ብሎ አይሰጥም።

በሐረርጌ በኩል ደግሞ ሼኽ በክሪ ሳጳሎ የሚባሉ ዓሊም ነበሩ። ከቦታ ቦታ እየተዘዋወሩ ሲያስተምሩ የኖሩ፣ በዐረብኛና በኦሮምኛ የጻፉ ሰው ናቸው። በ1948 ዓ.ም. ገደማ ለኦሮምኛ ድምፆች የሚስማማ ራሱን የቻለ ፊደል ፈጠሩ። ደረሶቻቸው በዚያ ፊደል መጻጻፍ ሲጀምሩ መንግሥት ደነገጠ። ሼኽ በክሪ በድሬዳዋ የቁም እስር ተደረገባቸው፤ በመጨረሻም በ1972 ዓ.ም. በሶማሊያ የስደተኞች ጣቢያ ውስጥ አረፉ። አላህ ይዘንላቸው። መስጊድ ያስቀሩት የነበሩት እኚህ ሰው ሕዝቡ በሚናገርበት ቋንቋ ማንበቡን ከዲን ሥራ ነጥለው አላዩትም።

ስንዴው ሲበዛ ጭሰኛው ሲባረር

አንዳንድ ሰው «ትምህርት ብቻ ይስፋፋ፤ ሌላው ራሱ ይስተካከላል» ይላል። እኛ በዚህ አንስማማም። ምክንያታችንም እዚያው አርሲ ውስጥ ይገኛል።

በ1960 ዓ.ም. በስዊድን መንግሥት እርዳታ የጭላሎ እርሻ ልማት ድርጅት፣ በአህጽሮት ካዱ፣ አሰላን ማዕከል አድርጎ ሥራ ጀመረ። ምርጥ የስንዴ ዘር አመጣ፣ ማዳበሪያ በብድር ሰጠ፣ ገበሬውን በሠርቶ ማሳያ አስተማረ። እውቀቱ እውነተኛ እውቀት ነበር። ምርቱ በእርግጥ ጨመረ። ነገር ግን ስንዴ ትርፍ እንደሚያስገኝ ባለርስቱ ሲያይ ትራክተር ገዛ፤ ትራክተር ሲገዛ ጭሰኛ አላስፈለገውም። ካዱ ሊረዳቸው የመጣው ድሆች ከመሬታቸው እየተነሱ ተባረሩ። ውሉን ያነበበላቸው አልነበረም፤ ቢነበብላቸውም ሕጉ ከባለርስቱ ጋር ነበር። እውቀት ከፍትሕ ከተለየ ለማን እንደሚያገለግል ይህ በቂ ምስክር ነው። ካዱ በኋላ አርዱ ተብሎ ወደ ቀሩት የአርሲ አውራጃዎች ሲሰፋ ግን የመሬቱ ነገር ተለውጦ ነበር።

የተለወጠው ደግሞ የተማሩ ልጆች ስለጮኹ ነው። የዩኒቨርሲቲ ተማሪዎች በየካቲት 1957 ዓ.ም. «መሬት ላራሹ» ብለው አደባባይ ሲወጡ አብዛኞቹ ራሳቸው ጭሰኛ አልነበሩም። ሙስሊሙም በበኩሉ ሚያዝያ 12 ቀን 1966 ዓ.ም. በአዲስ አበባ ከመቶ ሺህ በላይ ሆኖ ሰልፍ ወጣ፤ ክርስቲያን ወንድሞችም አብረውት ተሰለፉ። በጽሑፍ የቀረቡት ጥያቄዎች 13 ነበሩ። መንግሥትና ሃይማኖት እንዲለዩ፣ በዓላችን እንዲከበር፣ በመንግሥት ሥራ እኩል እንድንቀጠር፣ መሬት የመያዝ መብት እንዲኖረን፣ «በኢትዮጵያ የሚኖሩ» መባላችን ቀርቶ ኢትዮጵያውያን ሙስሊሞች እንድንባል። እነዚያን ነጥቦች የሚጽፍ ሰው ባይኖር ኖሮ ሰልፉ ጩኸት ብቻ ሆኖ በቀረ ነበር። በ1967 ዓ.ም. ሦስቱ በዓላቶቻችን በአገር ደረጃ እንዲከበሩ ተወሰነ። በዚያው ዓመት የካቲት 25 ቀን የገጠር መሬት አዋጅ ወጣና ጭሰኝነት ተሻረ።

ሐጂ ያንን ቀን በሬዲዮ ነው የሰሙት። አባታቸው ግን ከሁለት ዓመት በፊት ወደ አኺራ ሄደው ነበር።

ሦስት ፊደል

ሐምሌ 1 ቀን 1971 ዓ.ም. ብሔራዊ የመሠረተ ትምህርት ዘመቻ ተጀመረ። ኋላ 15 በሚደርሱ ቋንቋዎች ማስተማር የቻለ፣ በ1980 እ.ኤ.አ. የዩኔስኮን ሽልማት ያገኘ ዘመቻ ነው። ደርግ በሌላው በኩል በሕዝብ ላይ ያደረሰውን ግፍ አንረሳም፤ በጎውንም በጎ ማለት ፍትሕ ነው። ሐጂ ያኔ ጎልማሳ ነበሩ። ማታ ማታ በኩራዝ ብርሃን፣ በግዕዝ ፊደል በተጻፈ ኦሮምኛ፣ ሀ ሁ ቆጠሩ። አስተማሪያቸው ጢሙ ያላበቀለ የከተማ ተማሪ ነበር። «እኔ ኪታብ የማስቀራ ሰው በልጅ ፊት ተንበርክኬ ተማርኩ» ይላሉ። «ኢልም ከማን ተማርክ አይባልም።»

ከዚያ በጥቅምት 1984 ዓ.ም. ኦሮምኛ በላቲን ፊደል፣ በቁቤ፣ እንዲጻፍ ተወሰነ። ሐጂም ለሦስተኛ ጊዜ ፊደል ማያውቅ ሆኑ! ይህን ሲነግሩን እየሳቁ ነው፦ «ዐረብኛው ለአኺራዬ፣ አማርኛው ለቀበሌ፣ ቁቤው ለልጅ ልጆቼ።» ያም ሆኖ ልጅ በአፍ መፍቻ ቋንቋው መማሩ ነገሩን ከሥሩ ለውጦታል። ትምህርት ቤት መግባት ከቤት መውጣት መሆኑ ቀረ። አባት ልጁ ምን እንደሚማር ሰምቶ የሚረዳበት ጊዜ መጣ።

የዛሬው ጥያቄ

ታሪኩ እዚህ ላይ አብቅቶ ቢሆን ደስ ባለን። ይሁንና ሐጂ ቤት በቆየንባቸው ሁለት ቀናት ያለማቋረጥ ሲነሳ የነበረው የድሮው ወረቀት አልነበረም። የልጅ ልጃቸው ጉዳይ ነበር።

ልጅቱ 8ኛ ክፍልን በጥሩ ውጤት ጨርሳለች። ለ9ኛ ክፍል ከተማ ወርዳ ክፍል ተከራይታ መማር አለባት። አባቷ፣ የሐጂ ልጅ፣ ጠንካራ ገበሬ ናቸው፤ ሁለት ወንዶች ልጆቻቸውን ያለ ምንም ማመንታት እንዲሁ አስተምረዋል። በእርሷ ላይ ሲደርሱ ግን ቆሙ።

«ኦቦ፣ ምን ያስፈራዎታል?» አልናቸው።

«ኪራዩ አለ። ስንቅ ማመላለሱ አለ። ከሁሉ በላይ ግን ሴት ልጅ ብቻዋን በኪራይ ቤት... እናንተስ ብትሆኑ?» አሉን። ሽማግሌ የላከ ሰው መኖሩንም አልደበቁም።

ጥያቄያቸው እውነተኛ ነው። በየከተማው በአንዲት ጠባብ ክፍል ውስጥ በሳምንት አንድ ጊዜ ከገጠር በሚመጣ ቂጣና ጭኮ እየኖሩ የሚማሩ ልጆችን ያየ ሰው የአባትን ስጋት አያቃልልም። ደግሞም ትምህርቱ ራሱ የታመመ ነው። በ2014 ዓ.ም. የ12ኛ ክፍል ፈተና ከወሰዱት ግማሽና ከዚያ በላይ ያመጡት 3.3 ከመቶ ብቻ ነበሩ። በ2015 ዓ.ም. 3.2፣ በ2016 ዓ.ም. 5.4 ከመቶ። አንድም ተማሪ ያላሳለፉ ትምህርት ቤቶች ከአንድ ሺህ በላይ የሆኑበት ዓመት አለ። «አስተምሬስ የት ልትደርስ?» የሚለው አባት እነዚህን ቁጥሮች ባያውቃቸውም ከጎረቤቱ ልጅ አይቷቸዋል። መምህር ያልተመደበለት የሒሳብ ክፍለ ጊዜ፣ ለብዙ ልጆች አንድ የሚደርስ መጽሐፍ። ይህን ማስተካከል የመንግሥት ግዴታ ነው፤ መጠየቅ ደግሞ የእኛ።

ሆኖም ለወንዶቹ ያልተጠየቀ ጥያቄ ለሴቷ ሲጠየቅ ነገሩ የትምህርት ጥራት አይደለም። እዚህ ላይ በግልጽ እንናገር። ሸሪዓችን ኢልምን ለወንድ ብቻ አልሰጠም። አሽ-ሺፋእ ቢንት ዐብዲላህ (ረ.ዐ.) በዚያ ዘመን መጻፍ ከሚያውቁት ጥቂቶች አንዷ ስትሆን የነቢዩን (ሰ.ዐ.ወ.) ባለቤት ሐፍሷን (ረ.ዐ.) ጽሕፈት ያስተማረች እርሷ ናት። እናታችን ዓኢሻን (ረ.ዐ.) ታላላቅ ሶሓባዎች መጥተው ይጠይቋት ነበር። በአፍሪካችንም ከሁለት መቶ ዓመታት በፊት በሶኮቶ፣ በዛሬዋ ሰሜን ናይጄሪያ፣ የሼኽ ዑስማን ዳን ፎዲዮ ልጅ ናና አስማኡ ሴት መምህራንን አሠልጥና በየገጠሩ ትልክ ነበር። እነዚያ መምህራን ብቻቸውን አልተላኩም፤ በቡድን ይጓዙ ነበር። የልጅቱ አባት ስጋትና የናና አስማኡ ዘዴ የተገናኙት እዚህ ላይ ነው።

ይህን ያልነው በምሳ ሰዓት ነው። ሐጂ ዝም ብለው ቆዩና ወደ ልጃቸው ዞረው «የእነ እገሌ ልጅስ አልፋ የለም? የእነ እገሌስ?» ብለው ሦስት የመንደር ልጆችን ቆጠሩ። አራቱ አንድ ቤት ተከራይተው፣ ከአራቱ ቤተሰብ አንዲት አክስት ወይም አያት በየተራ አብራቸው ብትቀመጥስ? ኪራዩ ለአራት ይከፈላል። የደከመውን ቤተሰብ የመስጊዱ ጀመዓ በሰደቃ ይደግፍ። አባት ወዲያው እሺ አላሉም። እንቢም ግን አላሉም።

ልጅቱ እስከዚያ ድረስ ቡና እያቀራረበች ዝም ብላ ነበር። በ2017 ዓ.ም. በአክሱም በሒጃባቸው ምክንያት ለ12ኛ ክፍል ፈተና እንዳይመዘገቡ ስለተከለከሉት ሙስሊም ተማሪዎች ስናነሳ ግን ቀና አለች። ነገሩን በትምህርት ቤት ሰምታዋለች። ጉዳያቸው ፍርድ ቤት መድረሱን፣ በመቀሌም ሰልፍ መወጣቱን እያስተካከለች ነገረችን። «አቤቱታውን የጻፈላቸው ማን ነው?» ብላ ጠየቀችን። እኛም ለዚህ በቂ መልስ አልነበረንም።

ልንሄድ ስንዘጋጅ አባት ከሳጥን ውስጥ በፌስታል የተጠቀለለ ነገር አወጡ። የመሬት ይዞታ ማረጋገጫ ደብተራቸው ነው። በወሰን ጉዳይ ከጎረቤት ጋር የማይስማሙት ነገር ስላለ ምን ይላል ብለው ለእኛ ዘረጉት። ደብተሩ የተጻፈው በኦሮምኛ ነው፤ ከእኛ መሐል ኦሮምኛ የሚናገር እንጂ ቁቤ አቀላጥፎ የሚያነብ አልነበረም። ሐጂ በዓይናቸው ወደ ልጅቱ ጠቆሙ።

«አምጣው አባ» አለችና ተቀበለች። ስፋቱን አነበበች። አዋሳኞቹን በምሥራቅ፣ በምዕራብ፣ በሰሜን፣ በደቡብ አንድ በአንድ ጠራች። ከዚያ የባለይዞታዎቹን ስም አነበበች፤ የአባቷን ስም፣ ቀጥሎም የእናቷን።

እናትየው ከጓዳ ብቅ አሉ። በኦሮሚያ በ1999 ዓ.ም. የወጣው የገጠር መሬት አዋጅ ባልና ሚስት የጋራ መሬታቸውን በሁለቱም ስም እንዲያስመዘግቡ ያዝዝ ነበር። ደብተሩ ቤታቸው ከገባ ብዙ ዓመት አልፎታል።

«የማን ስም ነው ያልሽው?» አሉ።

«ያንቺ ነዋ፣ አዮ።»

እናት እጃቸውን በቀሚሳቸው አበሱና መጥተው አጠገቧ ተቀመጡ። «የቱ ጋ ነው?» አሉ። ልጅቱ ጣቷን መስመሩ ላይ አደረገች፤ እናትም ጣታቸውን ከእርሷ ጣት ጎን አሳረፉ።

«እስቲ ድገሚው።»